ሩጫ በሰዓት፣ ቼዝ በሰው

አንድ የበቆጂ ልጅ ሜዳ ላይ ሮጦ የሚያመጣው ሰዓት በርሊን ላይም ቶኪዮ ላይም ያው ሰዓት ነው። አጠገቡ ተፎካካሪ ባይኖር እንኳ አሠልጣኙ የእጅ ሰዓቱን አይቶ «ይሄ ልጅ ይወጣለታል» ማለት ይችላል። ደራርቱ፣ ቀነኒሳ፣ ጥሩነሽ ከዚያች ትንሽ ከተማ ተነሥተው ዓለምን ያስጨበጨቡበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። የሩጫ መለኪያ የትም ይገኛል።

ቼዝ እንዲህ አይደለም። የቼዝ መለኪያው ሰው ነው። ደሴ ላይ ከፒያሳ እስከ ሰኞ ገበያ ያለውን ተጫዋች ሁሉ የረታ ልጅ፣ ከረታቸው ሰዎች አንዱም የፊዴ ሬቲንግ ከሌለው፣ በዓለም መዝገብ እንዳልተጫወተ ይቆጠራል። ጎበዝ መሆኑን ጎረቤት ያውቃል፤ መዝገቡ ግን አያውቅም። ስለ ቼዝ ስናወራ «ልጆቻችን ችሎታ አላቸው» እያልን መጽናናት የምንወድ ሰዎች ይህን ልዩነት ልብ ልንለው ይገባል።

አሠራሩ ቀላል ነው። ፊዴ ማለት እ.ኤ.አ. በ1924 ፓሪስ ላይ የተመሠረተው ዓለም አቀፍ የቼዝ ፌዴሬሽን ነው። አዲስ ተጫዋች የመጀመሪያ ሬቲንጉን የሚያገኘው በተመዘገበ ውድድር ላይ ሬቲንግ ካላቸው ቢያንስ አምስት ሰዎች ጋር ተጫውቶ ነው። እ.ኤ.አ. ከመጋቢት 2024 ጀምሮ ደግሞ ዝቅተኛው ሬቲንግ ከ1000 ወደ 1400 ከፍ ብሏል። ከዚያ በኋላ መሰላሉ ይጀምራል፦ 2300 የፊዴ ማስተር፣ 2400 ኢንተርናሽናል ማስተር፣ 2500 ግራንድማስተር። ለሁለቱ የመጨረሻ ማዕረጎች ሬቲንጉ ብቻ አይበቃም። «ኖርም» የሚባል ነገር አለ፤ የውጭ አገር ተጫዋቾችና ባለ ማዕረጎች በተሰለፉበት ጠንካራ ውድድር ላይ ከፍተኛ ውጤት ማምጣት ማለት ነው።

እንግዲህ ማዕረግ የሚያገኝ ሰው መጀመሪያ ከባለ ማዕረግ ጋር መቀመጥ አለበት። ባለ ማዕረግ የሌለበት አገር ልጅ ደግሞ ወይ ይሄዳል፣ ወይ ያመጣቸዋል፣ ወይ ይቀራል።

ከአፍሪካ ሁለት ሰዎችን እንይ። እ.ኤ.አ. በ2002 ስሎቬኒያ ብሌድ ከተማ በተደረገው የቼዝ ኦሊምፒያድ የዚምባብዌው ሮበርት ግዋዜ በአንደኛው ጠረጴዛ ተሰልፎ ዘጠኝ ጨዋታ አደረገ፤ ዘጠኙንም አሸነፈ። አንድ አቻ እንኳ የለም። በዚያ ጠረጴዛ እንዲህ ያለ ውጤት እጅግ ብርቅ ነው። ይሁን እንጂ ግዋዜ ኢንተርናሽናል ማስተር እንጂ ግራንድማስተር አልሆነም። የዛምቢያው አሞን ሲሙቶዌ ግን ሆነ፤ ከሰሃራ በታች ካሉ የአፍሪካ አገሮች የመጀመሪያው ግራንድማስተር እሱ ነው። በቼዝ ስኮላርሺፕ አሜሪካ ቴክሳስ ገብቶ ተማረ፣ ውጭ አገር እየተዘዋወረ ተወዳደረ፣ እ.ኤ.አ. በ2007 የመጨረሻ ኖርሙን ኔዘርላንድስ ላይ አገኘ። በእኔ እምነት በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት የጭንቅላት አይደለም፤ ዓመቱን ሙሉ ማን ፊት ለፊታቸው ይቀመጥ ነበር የሚለው ነው።

ሕንድ ደግሞ ሁለተኛውን መንገድ አሳይታለች። ቪስዋናታን አናንድ እ.ኤ.አ. በ1988 የሕንድ የመጀመሪያው ግራንድማስተር ሆነ። ልጅ ሳለ የተጫወተው ማድራስ፣ የዛሬዋ ቼናይ፣ ውስጥ በሶቪየት የባህል ማዕከል በነበረ ክበብ ነው። ዛሬ ሕንድ ከ80 በላይ ግራንድማስተሮች አሏት። ከነሱ አንዱ የዚያችው የቼናይ ልጅ ጉኬሽ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2024 ሲንጋፖር ላይ ዲንግ ሊረንን አሸንፎ በ18 ዓመቱ የዓለም ሻምፒዮን ሆነ። በ1988 አንድ የነበረው ቁጥር እዚህ የደረሰው ሕንዳውያን በድንገት ብልህ ስለሆኑ አይደለም። ውድድሩ ወደ ልጆቹ ከተማ ስለሄደ፣ አንዱ ባለ ማዕረግ ለሚቀጥለው ልጅ መለኪያ ስለሆነ ነው።

«እኛ እኮ ከቼዝ ጋር የቆየ ትውውቅ አለን» የሚል ይኖራል። እውነት ነው፣ አለን። ዛሬ የቁጥር መደርደሪያ ብቻ ሆኖ የቀረው «ሠንጠረዥ» የሚለው ቃል የቼዛችን ስም ነበር። እንግሊዛዊው ሄንሪ ሶልት በ19ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ራስ ወልደ ሥላሴ ሲጫወቱ አይቶ ጽፏል፤ ሪቻርድ ፓንክረስት ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1971 ባሳተመው ጥናት የጨዋታውን ታሪክና ሕግ ሰብስቦልናል። አጀማመሩ «ወረራ» ይባል ነበር፤ የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ድረስ ሁለቱም ወገን ተራ ሳይጠብቅ ያንቀሳቅሳል። ደስ የሚል ጨዋታ ነው። ነገር ግን ራስ ወልደ ሥላሴ ምን ያህል ጎበዝ ነበሩ? ከጎንደሩ፣ ከወሎው፣ ከሸዋው ተጫዋች ማን ይበልጥ ነበር? መልስ የለውም፤ የሚለካበት አልነበረምና። ያልተለካ ችሎታ ከባለቤቱ ጋር ይቀበራል። የሠንጠረዥ ታሪካችን ኩራት ሊሆነን ይችላል፤ ትምህርት ቢሆነን ግን ይሻላል።

ወደ ቤታችን እንምጣ። ደሴና ኮምቦልቻ በ25 ኪሎ ሜትር የሚራራቁ፣ የአንድ ቤት ልጆች የሆኑ ከተሞች ናቸው። ወሎ ዩኒቨርሲቲ በሁለቱም ግቢ አለው። ሆጤ አለ፣ መምህር አካለ ወልድ አለ፣ ወይዘሮ ስሂን አለ። አዲስ አበባ ግን 400 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በዚህ ዘመን የ13 ዓመት ልጁን፣ በተለይ ሴት ልጁን፣ ለቼዝ ብሎ በዚያ መንገድ የሚልክ ወላጅ ስንት ነው? ባይልክስ ማን ይፈርድበታል?

«ስልክ ላይ ይጫወቱ» ማለት ይቀናናል። ይጫወቱ፤ ሊቼስ ነፃ ነው፣ ጥሩ ትምህርት ቤትም ነው። ግን እዚያ የሚገኘው ቁጥር የፊዴ ሬቲንግ አይደለም፤ ማዕረግም አያሰጥም። ደግሞም ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተዘግቶ እንደነበር ማን ይረሳል?

ስለዚህ የእኔ ሐሳብ ልጆቹን ወደ መለኪያው ከመላክ መለኪያውን ወደ ልጆቹ ማምጣት ነው። ሒሳቡ ትንሽ ነው። የፊዴ ሬቲንግ ያላቸው አምስት ተጫዋቾችና አንድ ዳኛ ኮምቦልቻ አውሮፕላን ማረፊያ ይውረዱ። አምስት የደሴና የኮምቦልቻ ልጆች እያንዳንዳቸው ከአምስቱም ጋር ይጫወቱ። በሦስት ቀን አምስት ዙር ያልቃል። ውድድሩ በኢትዮጵያ ቼዝ ፌዴሬሽን በኩል ለፊዴ ከተመዘገበ፣ ነጥብ ይዞ የወጣውና 1400 የደረሰው ልጅ ስሙ ዓለም መዝገብ ላይ ይሰፍራል። በሚቀጥለው ዓመት ግማሹ እንግዳ ከአዲስ አበባ መምጣት አያስፈልገውም፤ ባለፈው ዓመት ሬቲንግ ያገኙት ልጆች ራሳቸው ለታናናሾቻቸው መለኪያ ይሆናሉ። ይህን አምስት ዓመት ሳያቋርጡ ማድረግ ነው ቁም ነገሩ። አንድ ጊዜ ተደግሶ፣ ፎቶ ተነሥቶ፣ ዋንጫ ተሰጥቶ የሚቀር ከሆነ ባይጀመር ይሻላል።

ወጪው የስድስት ሰው ትኬትና አልጋ፣ አዳራሽ፣ አምስት ሰሌዳና አምስት የቼዝ ሰዓት፣ የምዝገባ ክፍያ ነው። ከኮምቦልቻ ፋብሪካዎች አንዱ ብቻውን ይችለዋል። ዩኒቨርሲቲው አዳራሹን ቢሰጥ፣ ፌዴሬሽኑ ዳኛውን ቢመድብ፣ የከተማው ስፖርት ጽሕፈት ቤት ቢያስተባብር፣ የጎደለውን በውጭ ያለ የወሎ ልጅ ይሞላዋል።

አንድ ከባድ ተቃውሞ አለ፤ አላልፈውም። «ሕዝብ ሰላም አጥቶ አንተ ስለ ቼዝ ታወራለህ?» የሚል። በ2014 ዓ.ም. ከተሞቻችን የጦርነት ሜዳ ሆነው ትምህርት ቤቶቻችን ተዘርፈዋል፤ ዩኒቨርሲቲውም አልተረፈም። ቁስሉ ገና ነው። ቼዝ ሰላም ያመጣል አልልም፤ አያመጣም። ግን ሰላም እስኪመጣ ልጅ አይጠብቅም። የ12 ዓመቱ ልጅ አምስት ዓመት ሲቆይ 17 ይሞላዋል፤ ጉኬሽ ግራንድማስተር የሆነው ገና 13 ዓመት ሳይሞላው ነው። የኡጋንዳዋ ፊዮና ሙቴሲም ከካምፓላው የካትዌ መንደር ተነሥታ እ.ኤ.አ. በ2012 ኢስታንቡል ላይ የሴቶች እጩ ማስተር ማዕረግ ስታገኝ፣ ካትዌ ከድህነት ወጥታ አልነበረም። አንድ አሠልጣኝ ሰሌዳ ይዞ ወደ መንደሯ ስለመጣ ነው።

«ግራንድማስተር መቼ ይኖረናል?» ብሎ መጠየቅ ገና ነው። የዘንድሮው ጥያቄ ትንሽ ነው፦ የደሴ ልጅ ሬቲንግ ካለው ሰው ጋር አምስት ጊዜ የሚቀመጥበትን ወንበር ማን ያዘጋጃል? ይህን የምታነቡ የስፖርት ጽሕፈት ቤትም ሆነ የዩኒቨርሲቲ ሰዎች ካላችሁ፣ ጥያቄው ለእናንተ ነው።