ደሴት አትቁጠሩልን፦ ለዝዋይ ደርሶ መልስ ጉዞ አዘጋጆች ግልጽ ደብዳቤ

በአንድ ቀን ደርሶ መልስ የዝዋይን ደሴቶች ለምታስጎበኙ የጉዞ ማኅበራትና አስጎብኚዎች ሁሉ፦

የምጽፍላችሁ ከለገጣፎ ነው። ሥራችሁን ከሚጠሉት ወገን አይደለሁም። የግል መኪና የሌለው፣ በሳምንት አንድ ቀን ብቻ የሚያርፍ የሰበታ የፋብሪካ ሠራተኛ፣ የቡራዩ ሱቅ ጠባቂ፣ የሱሉልታ መምህር ሐይቅ ላይ የተሳፈረው፣ የደሴት ገዳም የተሳለመው በእናንተ ነው። ይህን ውለታ የሚክድ ሰው የለም። የምጽፈው አሠራራችሁ ይህንኑ ውለታ እያበላሸው በመሆኑ ነው።

ማስታወቂያችሁ ላይ በትልቁ የሚጻፈው የደሴቱ ብዛት ነው፤ «በአንድ ቀን ሦስት ደሴት»፣ አንዳንዴም «አራት ደሴት»። ጎረቤቶቼ ይህን አይተው «ትኬቱን ልግዛ ወይስ ይቅርብኝ?» እያሉ ይጠይቁኛል። መልሴን እናንተም ስሙት፦ አሁን ባለው አያያዝ ይቅርባችሁ እላቸዋለሁ። እንዲህ ስል ደስ አይለኝም፤ ምክንያቱም ዝዋይ መቅረት ያለበት ቦታ አይደለም።

እስቲ ቀኑን አብረን እናስላው። ትኬታችሁ «መነሻ ከሌሊቱ 11 ሰዓት፣ መስቀል አደባባይ» ይላል። በዚያ ሰዓት መስቀል አደባባይ ለመገኘት ከለገጣፎ የሚያመጣን ታክሲ የለም፤ ቀላል ባቡሩም ከአያት አልተንቀሳቀሰም። ያለው አማራጭ ማታውኑ ከተማ ገብቶ ዘመድ ቤት ማደር፣ አለዚያም ለኮንትራት ታክሲ ኪስን ማራገፍ ነው። በአዲሱ ገበያ በኩል የሚገባው የሱሉልታ ሰው፣ በአስኮ የሚመጣው የቡራዩ፣ በአለም ገና የሚመጣው የሰበታ ሰውም ጣጣው ያው ነው። ተሯሩጠን ስንደርስ ደግሞ የምናገኘው የቆመ አውቶቡስ ነው። «የቀሩ ሰዎች አሉ፣ ትንሽ እንጠብቃቸው» ይባላል። ሌሊት የተነሳው ሰው በእንቅልፍ የዘገየውን ሲጠብቅ ፀሐይ ትወጣለች። የፈጣን መንገዱ መግቢያ ደግሞ ቱሉ ዲምቱ ነው። እኛ የምሥራቁ በኩል ሰዎች በአያትና በጎሮ አድርገን እዚያው ልንጠብቃችሁ ስንችል መሀል ከተማ ገብተን ተመልሰን እንወጣለን። አንድ ተጨማሪ መሳፈሪያ መወሰን ምን ያህል ያስቸግራል?

ሞጆ ላይ ለቁርስ ይቆማል። «ሃያ ደቂቃ» የተባለው ሰዓት ይሆናል። ከአዲስ አበባ ዝዋይ 160 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ በፈጣን መንገዱ ሦስት ሰዓት የማይፈጅ ጉዞ ነበር። እኛ ግን ወደቡ ላይ የምንደርሰው ረፋዱ አልፎ፣ አባ ኮዳዎቹ የዓሣ አጥማጁን ጥራጊ ጠግበው ጥላ ፍለጋ ሲሄዱ ነው። ከዚያ የጀልባ ወረፋ። ከዚያ «ጠጋ ጠጋ በሉ»።

ስለ ጀልባው ረጋ ብዬ ልናገር፤ ከሁሉም በላይ የሚያሳስበኝ እሱ ነውና። ጀልባ የሚከራየው በጉዞ ነው፤ ትኬት የሚሸጠው በሰው ቁጥር ነው። ስለዚህ በአንድ ጀልባ ላይ የሚጨመር እያንዳንዱ ሰው ለአዘጋጁ ንጹሕ ትርፍ ነው። የመጨናነቁ ምንጭ ይህ ስሌት ነው። ለሁለት ሰው የተሠራ የእንጨት መቀመጫ ላይ አራት ሰው ይቀመጣል፤ ሕፃን የያዘች እናት ጉልበቷ ከፊቷ ካለው ሰው ጀርባ ጋር ተጣብቆ ትሄዳለች። የሕይወት አድን ጃኬቶቹን ያየኋቸው በጀልባው አፍንጫ በኩል፣ በገመድ አንድ ላይ ታስረው፣ በላያቸው የምሳ ፌስታል ተደርቦባቸው ነው። የላይኛው ጃኬት መቆለፊያ ተሰብሯል። «አይሰጠንም ወይ?» ብሎ አንድ ወጣት ሲጠይቅ አስተባባሪው «ካስፈለገ እናወጣለን» አለ። ውኃ ላይ ጃኬት ያስፈለገ ጊዜ ያንን ገመድ ለመፍታት ፋታ የሚሰጥ የለም።

«ዝዋይ እኮ ጥልቅ አይደለም» የምትሉ አላችሁ። እውነት ነው፣ ሐይቁ ከስምጥ ሸለቆ ሐይቆች ጥልቀት ከሌላቸው አንዱ ነው፤ ስፋቱ ግን ከ400 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ሰፊና ጥልቀት የሌለው ውኃ ነፋስ ሲነሳበት አጫጭርና ቀጥ ያሉ ተከታታይ ሞገዶችን ያመጣል፤ ከልክ በላይ የተጫነ ጀልባ ደግሞ ጠርዙ ለውኃው ይቀርባል። ነፋሱ ከሰዓት በኋላ እየበረታ ይሄዳል። እናንተ ሦስተኛውን ደሴት ለማድረስ ስትሉ የምትመልሱን ከበረታ በኋላ ነው። ዋና የማይችል ሰው ለመስጠም አሥር ሜትር አያስፈልገውም፤ ከእኛ ከደጋው ሰዎች ደግሞ ዋና የሚችለው ጥቂት ነው።

በቪክቶሪያ ሐይቅ ላይ መስከረም 10 ቀን 2011 ዓ.ም. የሆነውን አስታውሱ። ኔሬሬ የተባለችው የታንዛኒያ መርከብ ከኡኬሬዌ ተነስታ ኡካራ ደሴት ልትደርስ ጥቂት ሲቀራት ተገለበጠች። እንድትጭን የተፈቀደላት 101 ሰው ነበር። የሞተው ብቻ ከ220 በላይ ሆነ። መሀል ባሕር ላይ አልነበረችም፤ ወደቡ እየታየ ነው ያለቁት። የዚያን ቀን ትኬት የቆረጠው ሰው ክፉ ሰው ነበር አልልም። ሁልጊዜ ሲጭን ምንም ሳይሆን ስለተመለሰ ነው በዚያም ቀን የጫነው። የእናንተም ጀልባ እስከ ዛሬ በሰላም መመለሱ ማስረጃ አይሆናችሁም።

አሁን ወደ ደሴቱ እንውጣ። ቱሉ ጉዶ ከወደቡ የሚርቀው ደሴት ነው፤ እንደ ሞተሩ ጉልበት ከአንድ ሰዓት በላይ ይወስዳል። ደብረ ጽዮን ማርያም ያለችው ኮረብታው ላይ ስለሆነ ከወረዱ በኋላ አቀበት ይጠብቃል። በዮዲት ጉዲት ዘመን ካህናት ታቦተ ጽዮንን ከአክሱም ይዘው ወደዚህ እንደሸሹ፣ 70 ዓመት ያህልም እዚህ እንደቆየች ትውፊቱ ይናገራል። ብራናዎቹ አሉ። ሐይቁ ከላይ ሲታይ አለ። ከሁሉም በላይ ደግሞ ዛዮች አሉ፤ ከስልጥኛና ከሐረሪ ቋንቋ ጋር የሚዛመድ የራሳቸውን ቋንቋ ይዘው፣ በዚህ ውኃ ተከብበው ለዘመናት የኖሩ፣ ቁልቁለቱን በድንጋይ እርከን ደግፈው ያረሱ፣ በደንገል ታንኳ ዓሣ ያጠመዱ ሕዝብ። ብዙዎቹ ዛሬ ወደ የብሱ ወጥተዋል። የቀሩትን ሽማግሌዎች ቁጭ ብሎ የሚያናግራቸው እንግዳ ማግኘት ነበረባቸው።

የእናንተ እንግዳ ግን የሚሮጥ ነው። የሰበታ እናት ነበሩ፣ ነጠላቸውን አጣፍተው፣ ዱላ ይዘው አቀበቱን የጀመሩ። መሀል ላይ ሲደርሱ ትንፋሽ አጥሯቸው ድንጋይ ላይ አረፍ አሉ። የፊተኞቹ ተሳልመው መመለስ ጀምረዋል፤ ወዲያው ከታች በድምፅ ማጉያ «ወደ ጀልባ! ሁለተኛው ደሴት ይቀረናል!» ተባለ። እኚያ እናት ፊታቸውን ወደ ቤተ ክርስቲያኑ አዙረው፣ ከተቀመጡበት ሳይነሱ አማትበው፣ በሰው ክንድ ተደግፈው ወረዱ። ገንዘባቸውን የከፈሉት ለዚያች ደጅ ነበር። ሁለተኛውና ሦስተኛው ደሴት ለእርሳቸው ምን ሊፈይዱላቸው ነው? ላይ የደረሱትስ ቢሆኑ ብራና የሚያሳዩት አባት ቁልፍ ፈልገው መጥተው፣ መጽሐፉን ከመጠቅለያው ፈትተው ገና የመጀመሪያውን ሥዕል ሲገልጡ ነው ጥለዋቸው የወረዱት። አባታችን መጽሐፉን እንደያዙ ቆመው ቀሩ። እኔ ከእንግዶቹ ይልቅ በእርሳቸው ፊት አፈርኩ።

ለደሴት ቁጥር ስትሉ የየብሱንም ትዘሉታላችሁ። አቡነ ጎርጎርዮስ ካልዕ እዚያው ዝዋይ ያቋቋሙት የካህናት ማሠልጠኛ፣ እርሳቸው በ1982 ዓ.ም. እስካረፉ ድረስ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎችን ሰብስበው ያስተማሩበት ግቢ፣ ከመንገዳችሁ የወጣ አይደለም። ጀልባ አያስፈልገውም፤ አቀበት መውጣት የማይችሉ እናትና አባትም ይገቡበታል። በመርሐ ግብራችሁ ውስጥ ግን ስሙ የለም፤ ደሴት ስላልሆነ።

መልሳችሁን አውቀዋለሁ። «ሕዝቡ ነው ብዙ ደሴት የሚፈልገው፤ አንድ ደሴት ብለን ብንለጥፍ ትኬቱ አይሸጥም» ትላላችሁ። ከፊሉ እውነት ነው። ያንን ፍላጎት ግን ያሳደገው የእናንተው ፉክክር ነው፤ አንዱ ሁለት ሲል ሌላው ሦስት እያለ። ዝዋይን አይቶ የማያውቅ ሰው የቀኑን ሰዓት እንዴት ያውቃል? የሚያውቁት እናንተ ናችሁ። የትኛው ደሴት ላይ ስንት ደቂቃ እንደምትቆሙ ትኬቱ ላይ አትጽፉም፤ ብትጽፉት ሰው ራሱ ይመርጣል። ለመንፈሳዊ ጉዞ የምትወጡት ደግሞ ገቢው ለቤተ ክርስቲያን ሕንፃ ነው ትላላችሁ። መልካም ዓላማ ነው። ነገር ግን ተሳላሚን ከገዳም ደጅ እያስሮጡ መመለስ ለሕንፃው በረከት ይሆናል ብዬ አላምንም።

አንድ ቀን ለአንድ ደሴት ይበቃል። ከሌሊቱ 11 ሰዓት ማንንም ሳትጠብቁ ተነሱ፣ ቁርሱ በአውቶቡስ ውስጥ ይበላ፤ ከጠዋቱ 2 ሰዓት ወደቡ ላይ እንሆናለን። 2 ሰዓት ተኩል ላይ ሐይቁ ገና ሳይቆጣ ብንነሳ 4 ሰዓት ላይ ቱሉ ጉዶ ነን። እስከ 8 ሰዓት ድረስ አራት ሙሉ ሰዓት አለን፤ እናቶች እያረፉ ይወጣሉ፣ አባታችን ብራናውን እስከ መጨረሻው ይገልጣሉ፣ ምሳም ከደሴቱ ሰዎች ተገዝቶ ይበላል። 9 ሰዓት ተኩል ወደብ፣ ማታ 1 ሰዓት ደግሞ ቤታችን ደጃፍ ነን። እያንዳንዱ ተጨማሪ ደሴት ከእነዚህ አራት ሰዓቶች ላይ መሳፈሪያውን፣ መውረጃውን፣ ሰው መቁጠሪያውን ይወስዳል፤ የሚወሰድባቸው ደግሞ ሁልጊዜ ቀስ ብለው የሚሄዱት ናቸው። ልጅ ለያዘና ውኃ ለሚፈራ ሰው ቅርብ ያለ ደሴት ብቻ የሚያይበት ሌላ ጉዞ ይዘጋጅለት። ሁሉንም ማየት የሚሻ ዝዋይ አድሮ፣ ሁለት ቀን ይሂድ፤ ያደረ እንግዳ አልጋ ይከራያል፣ እራት ይበላል፣ ከተማይቱም ትጠቀማለች።

ከደርሶ መልስ እንግዳ አገሬው ብዙም አያተርፍም። ቬኒስ ሳያድር የሚመለሰውን ሰው ብዛት መሸከም አቅቷት በ2024 እ.ኤ.አ. በተመረጡ ቀናት 5 ዩሮ መግቢያ ማስከፈል ጀምራለች። እኛ ዘንድ ችግሩ ገና እዚያ አልደረሰም፤ ሆኖም ምሳችንን ከቤት ጭነን ሄደን፣ የውኃ ፕላስቲኩን ቱሉ ጉዶ ጥለን፣ የደሴቱን ልጆች ፎቶ አንስተን ስንመለስ የዛይ ሰው እኛን በደስታ የሚቀበልበት ምክንያት እየጠፋ ነው።

አሁን የምለምናችሁ የቅርቡን ነው። ኅዳር 21 የጽዮን ክብረ በዓል ሲመጣ ብዙ ሰው ወደ ዝዋይ ታጓጉዛላችሁ። ትኬቱን ከማሳተማችሁ በፊት ሦስት ነገር ጻፉበት፦ የምንሄድበትን የአንድ ደሴት ስም፣ እዚያ የምንቆይበትን ሰዓት፣ በአንድ ጀልባ የሚሳፈረውን ሰው ቁጥር። ለእያንዳንዱ ሰው ጃኬቱን ወደቡ ላይ፣ ሞተሩ ሳይነሳ፣ አልብሱት፤ ያልበቃው ጀልባ አይነሳ። ለተጨማሪው ጀልባ ዋጋ ብትጨምሩ እንከፍላለን። ለለገጣፎ ሰዎችም ቱሉ ዲምቱ ላይ ቁሙልን። እነዚህን ከጻፋችሁ ትኬታችሁን ለጎረቤቶቼ እኔው ራሴ ዞሬ እሸጥላችኋለሁ።