ሳትጠየቅ የተፈረደባት

ወሎ ውስጥ የጣሊያንን ወረራ ታሪክ ከአያቶቹ አፍ ያልሰማ ጥቂት ነው። ዛሬ ደግሞ ከዚያው ከወራሪው አገር የአንዲት ሴት ታሪክ ላካፍላችሁ።

ሉዊዛ ፌሪዳ እ.ኤ.አ. በ1914 በቦሎኛ ከተማ አቅራቢያ ተወለደች። ፊልም መሥራት የጀመረችው በ1935፣ የሙሶሊኒ ጦር አገራችንን በወረረበት ዓመት ነበር። ደሴ በጠላት እጅ ሳለች የእርሷ ስም በኢጣሊያ ገነነ። በ1941 የወጣው «የብረት ዘውድ» ከታወቀችባቸው ፊልሞች አንዱ ነው።

አብሯት የሚኖረው ተዋናይ ኦስቫልዶ ቫሌንቲ በጦርነቱ መጨረሻ ከፋሽስቶች ጋር ወገነ። እርሷም ተከተለችው። ሚላኖ ውስጥ እስረኞችን ከሚያሰቃየው ከፒዬትሮ ኮክ ቡድን ጋር የሁለቱም ስም ተነሣ። ኤፕሪል 30 ቀን 1945 ፋሽስቶችን ይወጉ የነበሩ አርበኞች ፍርድ ቤት ሳያቀርቡ ረሸኗቸው። ሉዊዛ የ31 ዓመት ነፍሰ ጡር ነበረች። ከዓመታት በኋላ ጉዳዩ ሲጣራ በማሰቃየቱ እጇ እንዳለበት ማስረጃ አልተገኘም፤ ለእናቷም ጡረታ ተፈቀደላቸው። ጡረታው ግን ልጃቸውን አልመለሰላቸውም።

«የጠላት ወገን አይደለችም ወይ?» ትሉኝ ይሆናል። ነበረች። የወራሪዎች በደልም በደል ነው። ነገር ግን ሰው በሠራው እንጂ አብሮ በኖረው ሰው ሥራ ሊፈረድበት አይገባም።

እህቴ ሆይ፣ በሰፈርሽ ባሏ ስለታሰረ ሰላምታ የተነፈገች ሴት የለችም? ፊትሽን ከማዞርሽ በፊት «እርሷስ ምን አደረገች?» ብለሽ ጠይቂ።