የሚሞቅ ወንበር ወፍራም ልብስ ሲደረብበት

በብርዱ ወራት ሚኒያፖሊስ ወይም ዋሽንግተን ታክሲ ለሚነዳ ወገናችን የሚሞቅ ወንበር ቅንጦት አይደለም። ቅሬታዬ ከላዩ በምናለብሰው ወፍራም የበግ ለምድ ላይ ነው።

ከወንበሩ ሽፋን ሥር የተዘረጋው ሽቦ ኤሌክትሪክ ሲያልፍበት ይግላል፤ ሙቀቱን የሚለካው መቆጣጠሪያም እዚያው ሥር ተቀብሯል። ወፍራም ልብስ ሲደረብ ሙቀቱ ከታች ይታፈናል። መቆጣጠሪያው በቃ ብሎ ኃይሉን ሲቀንስ፣ ተቀማጩ ገና አልሞቀውም። ያን ጊዜ ማሞቂያውን እስከ መጨረሻው ከፍተን እንረሳዋለን። መቆጣጠሪያው የተበላሸ እንደሆነ ግን የታፈነው ሙቀት ሽቦውንና ስፖንጁን ይጎዳል፤ ልብሱንም አልፎ ገላ ይደርሳል።

የሰው ቆዳ በ44 ዲግሪ ሴንቲግሬድ እንኳ ለሰዓታት ከቆየ ይቃጠላል። የስኳር ሕመም ስሜቱን ያደነዘዘበት ሰው ቃጠሎውን ላያውቀው ይችላል፤ እንዲህ ያለው አሽከርካሪ፣ በእኔ እምነት፣ ማሞቂያውን ጨርሶ ባይከፍተው ይሻላል።

ልብስ የግድ ከሆነ ስስ ይሁን፤ አምራቹም ለሚሞቅ ወንበር እንደሚሆን የገለጸው፣ በወንበሩ ጎን ያለውን ኤርባግ የማያፍን ይሁን። በመርፌ ቁልፍ ማያያዝ (ይህን የሚያደርጉ ጥቂት አይደሉም) ሽቦውን ይበጥሳል። አንድ ቦታ ብቻ ለይቶ የሚግል ወንበርም ወዲያው ጠፍቶ ባለሙያ ሊያየው ይገባል።