ቲሸርቱ ላይ ያለው ሰውዬ

ልጅዎ የሚያዘወትረውን ጥቁር ቲሸርት ልብ ብለው አይተውት ያውቃሉ? ዓይኖቹ በኤክስ ምልክት የተተኩ፣ ምላሱን ያወጣ ቢጫ ፊት ያለበትን ማለቴ ነው። የኒርቫና ባንድ አርማ ነው። ከሚለብሱት ብዙዎቹ የባንዱን አንድ ዘፈን እንኳ አይጠሩም። (እኔም ቤት አንድ አለ፤ ጠይቄ አረጋግጫለሁ።)

እንግዲያው በዚህ ወር ከጎረምሳዎ ጋር ቁጭ ብለው የሚያዩት ዘጋቢ ፊልም ልጠቁምዎ። «ኩርት ኮቤይን፦ ሞንታጅ ኦፍ ሄክ» ይባላል፤ አዘጋጁ ብሬት ሞርገን ሲሆን እ.ኤ.አ. በ2015 ለዕይታ በቅቷል። ትንንሾቹን ግን አስተኝተው ይጀምሩ። ስድቡም ሄሮይኑም ሳይሸፋፈን ነው የቀረበው።

ፊልሙ የተሠራው ከጓዳ በወጣ ዕቃ ነው፤ ኩርት ብቻውን ሆኖ በቀዳቸው ካሴቶች፣ በማስታወሻ ደብተሮቹ፣ በሥዕሎቹ፣ ቤት ውስጥ በተቀረጹ ቪዲዮዎች። መጀመሪያ የምናየው በዋሽንግተን ግዛት፣ አበርዲን ከተማ፣ ካሜራ ባየ ቁጥር የሚፍለቀለቅ ሕፃን ነው። ዘጠኝ ዓመት ሲሆነው ወላጆቹ ተፋቱ። ከዚያ በኋላ ከእናት ወደ አባት፣ ከአባት ወደ ዘመድ ቤት ሲዞር አደገ። እናቱ፣ አባቱ፣ እንጀራ እናቱና እህቱ ሁሉም ቀርበው ይናገራሉ። እኔን እንቅልፍ የነሳኝ አንዳቸውም ክፉ ሰው አለመምሰላቸው ነው። ሁሉም ይወዱት ነበር፤ የሚያሳድረው ግን ጠፋ።

አንድ ትዕይንት አለ። ሕፃኗ ልጁ ፍራንሲስ ጭኑ ላይ ተቀምጣ ጸጉሯን ትቆረጣለች። እሱ ዓይኑ እየተከደነ፣ አንገቱ እየዘመመ ነው፤ ደክሞኝ ነው ይላል። ከእሷ ጋር ሲጫወት በሌሎቹ ቪዲዮዎች ስላየን ፍቅሩን አንጠራጠርም። እዚህ ግን ልጅቱ እቅፉ ውስጥ ሆና እሱ የለም።

እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 1994፣ በ27 ዓመቱ ራሱን ሲያጠፋ ፍራንሲስ ሁለት ዓመት እንኳ አልሞላትም ነበር። ዛሬ በፊልሙ ላይ ስሟ በኤክስኪዩቲቭ ፕሮዲዩሰርነት ሰፍሯል፤ ያ ትዕይንት ግን አልወጣም። እኔ ብሆን አስወጣው ነበር።

ፊልሙ ሞቱን አያሳይም፤ በአጭር ጽሑፍ ነግሮን ድንገት ያበቃል። ያኔ ቴሌቪዥኑን አጥፍተው ወዲያው «በል፣ ግባና ተኛ» አይበሉት። የእኔው ልጅ ለረጅም ጊዜ ዝም ብሎ ቆየና «ልጅቷን ማን አሳደጋት?» አለኝ። ቡና አፍልተን እስከ እኩለ ሌሊት አመሸን።