ወጣቱ ሯጭና የመጀመሪያው ማራቶን

በእንጦጦ ራጉኤል አካባቢ ማለዳ ማለዳ በባሕር ዛፉ ሥር የሚሮጡትን ወጣቶች የማያውቅ የአዲስ አበባ ሰው የለም ለማለት ይቻላል። አንዱ ከሌላው ኋላ ተሰልፎ፥ ፊተኛው በዛፎቹ መካከል ሲጠማዘዝ ኋለኛውም እየተጠማዘዘ፥ ፊተኛው ያሳረፈበትን ኋለኛው እየረገጠ ሲሄዱ ይታያሉ። ብዙዎቹ ከአርሲ፥ ከሰሜን ሸዋ፥ ከጎጃምና ከሌላም ገጠር የመጡ ናቸው። በየካ በኩል፥ በተለይም በኮተቤ፥ አንዲት ክፍል ለሁለትና ለሦስት ተከራይተው የሚኖሩ አሉባቸው። ስለ ሻምፒዮኖቹ በየጊዜው ብዙ ይጻፋል፤ እኛ ግን ዛሬ ልንመረምር ያሰብነው ገና ስማቸው በጋዜጣ ስላልወጣው ስለ እነዚህ ነው።

እንጦጦን የመረጡበት ምክንያት ግልጽ ነው። ኮረብታው ከባሕር ወለል በላይ 3,000 ሜትር ያህል ከፍ ያለ ሲሆን፥ በዚህ ከፍታ የአየሩ ግፊት በባሕር ዳር ካለው በ30 ከመቶ ገደማ ያነሰ ነው። በዚያ ላይ የሚሮጥ ሰው በእያንዳንዱ ትንፋሽ የሚያገኘው ኦክሲጅን ስለሚያንስ ደሙ ራሱን ከዚሁ ጋር ያለማምዳል። ይህ ሀብት ግን ለሁሉም እኩል የተሰጠ ነው፤ ኮረብታውን የሚወጣ ሁሉ ያገኘዋልና። አንዱን ከሌላው የሚለየው ሌላ ነገር ነው።

ወጣቱ ከ18 እስከ 22 ዓመት ባለው ዕድሜው ውስጥ አንድ ከባድ ጥያቄ ይገጥመዋል። በመም ላይ 5,000ና 10,000 ሜትር እየሮጠ ይቆይ፥ ወይስ ወደ ማራቶን ይሂድ? ለውጭ ተመልካች ይህ የአሠልጣኝ ጉዳይ ብቻ ሊመስለው ይችላል። ነገር ግን ሥሩን ለተመለከተው የእንጀራ ጉዳይ ነው።

ምክንያቱም እንዲህ ነው። በኦሎምፒክ አንድ አገር በአንድ የሩጫ ዓይነት ማሰለፍ የሚችለው ሦስት ሰዎችን ብቻ ነው። በዓለም ሻምፒዮናም ደንቡ ከዚህ እምብዛም አይርቅም። በሌላ አገር ቢሆን ብሔራዊ ሻምፒዮን ሊሆን የሚችል ልጅ በእኛ አገር አሥረኛ ወይም አሥራ አምስተኛ ሆኖ ይቀራል ማለት ነው። በዳይመንድ ሊግም ቢሆን 10,000 ሜትር መደበኛ ውድድር አይደለም። ማጣሪያው ራሱ ከአገር ውጭ የተደረገበት ጊዜ አለ፤ ለቶኪዮ ኦሎምፒክ የትራክ ቡድናችን የተመረጠው ሰኔ 1 ቀን 2013 ዓ.ም. በሆላንድ አገር፥ በሔንጌሎ ከተማ ነበር። ማጣሪያው ባሕር ማዶ ሲሆን ማናጀር ለሌለው ወጣት በሩ ምን ያህል እንደሚጠብ አንባቢ ይገምት። የጎዳና ውድድር ግን የአገር ኮታ አያውቅም። ፈጣን ከሆነና የሚጋብዘው ከተገኘ በአንድ ማራቶን ላይ አሥር ኢትዮጵያውያን ቢሰለፉ የሚከለክላቸው የለም።

ይህንን በምሳሌ ለማስረዳት ከጥር 2006 ዓ.ም. የዱባይ ማራቶን የተሻለ አናገኝም። በዚያ ቀን ያሸነፈው ፀጋዬ መኮንን ነበር። ዕድሜው 18 ዓመት ሲሆን፥ ርቀቱን የፈጸመው በ2 ሰዓት ከ4 ደቂቃ ከ32 ሴኮንድ ነው። በዚያ ዕድሜ ከዚያ ቀደም ማንም እንዲህ ሮጦ አያውቅም። ሽልማቱ 200,000 ዶላር፥ በጊዜው ምንዛሪ ወደ 4 ሚሊዮን ብር የሚጠጋ ነበር። ነገሩን የሚያስገርመው የዓለም አትሌቲክስ ማኅበር ለወጣቶች የማራቶን ሪኮርድ አለመመዝገቡ ነው፤ እንዲያውም በራሱ ሻምፒዮናዎች ከ20 ዓመት በታች ያለ ሯጭ ማራቶን እንዲሮጥ አይፈቅድም። ማኅበሩ ያልፈቀደውን ገበያው ፈቅዶታል ማለት ነው።

በዚያው በ2006 ዓ.ም. ሌሎች ሁለት ታላላቆቻችንም የመጀመሪያ ማራቶናቸውን ሮጠዋል። ቀነኒሳ በቀለ በመጋቢት ፓሪስ ላይ በ2 ሰዓት ከ5 ደቂቃ ከ4 ሴኮንድ አሸነፈ፤ ዕድሜው 31 ነበር። ጥሩነሽ ዲባባ በሚያዝያ ለንደን ላይ ሦስተኛ ወጣች፤ ዕድሜዋ 28 ነበር። ኃይሌ ገብረ ሥላሴም ቢሆን በመስከረም 1985 ዓ.ም. ሴኡል ላይ በዓለም የወጣቶች ሻምፒዮና ሁለት ወርቅ ካገኘ በኋላ ለንደን ላይ ከማራቶን ሯጮች ጋር እስከ ተሰለፈበት እስከ ሚያዝያ 1994 ዓ.ም. ድረስ ዘጠኝ ዓመት ከመንፈቅ በላይ አልፎአል። የማራቶን ሪኮርዱን ከ2 ሰዓት ከ4 ደቂቃ በታች ያደረሰው ከዚያ በኋላ፥ በመስከረም 2001 ዓ.ም. ነው። በሰዓቱ ብቻ ከተመዘነ የ18 ዓመቱ ፀጋዬ ቀነኒሳን በልጦታል። ይህ ለወጣቱና ለቤተ ሰቡ ምን ያህል የሚያሳስት ሚዛን እንደ ሆነ ግን ጊዜ አሳይቶአል።

በዱባዩ ውድድር አራተኛ የወጣው ታምራት ቶላ የሚባል የ22 ዓመት ወጣት ነበር። ለእሱም ያ ቀን የመጀመሪያ ማራቶኑ ሲሆን፥ 2 ሰዓት ከ6 ደቂቃ ከ17 ሴኮንድ ሮጦ ነበር። ይህ በማናቸውም ሚዛን ጥሩ ሰዓት ነው፤ በጎዳናው ለመቅረትም ይበቃ ነበር። ታምራት ግን ወደ መም ተመለሰ። በነሐሴ 2008 ዓ.ም. ሪዮ ላይ በ10,000 ሜትር የነሐስ ሜዳልያ አገኘ። በጥር 2009 ዓ.ም. ወደ ዱባይ ተመልሶ አሸነፈ፤ በዚያው ዓመት ለንደን ላይ በዓለም ሻምፒዮና ማራቶን ሁለተኛ፥ በሐምሌ 2014 ዓ.ም. ደግሞ በዩጂን አንደኛ ሆነ። ለፓሪስ ኦሎምፒክ ተጠባባቂ ሆኖ ተይዞ ሳለ ሲሳይ ለማ ስለ ተጎዳ በእሱ ፈንታ ገባ፤ ነሐሴ 4 ቀን 2016 ዓ.ም. በዚያ ዳገት በበዛበት የቬርሳይ መንገድ 2 ሰዓት ከ6 ደቂቃ ከ26 ሴኮንድ ሮጦ ወርቁንም የኦሎምፒኩንም ሪኮርድ ወሰደ። (በ1952 ዓ.ም. አበበ ቢቂላም ወደ ሮማ የሄደው በዋሚ ቢራቱ ምትክ እንደ ነበረ ሲነገር እንሰማለን፤ ተጠባባቂዎቻችን ዕድለኞች ናቸው መሰል።)

ፀጋዬስ? ወደቀ የሚል ሰው ቢኖር ፍርዱ ልክ አይደለም። ከዱባይ ሦስት ወር ያህል ቆይቶ ለንደን ላይ አምስተኛ ወጥቶአል፤ በሚያዝያ 2009 ዓ.ም. ሐምቡርግ ላይ የ2004ቱን የኦሎምፒክ አሸናፊ ኡጋንዳዊውን ስቲፈን ኪፕሮቲችን አስከትሎ አሸንፎአል። ይህ የማንንም ሯጭ ሕይወት ያስከብራል። ነገር ግን በ18 ዓመቱ የሮጠውን ሰዓት ከዚያ በኋላ አላሻሻለውም። ታምራት ፓሪስ ላይ ሲያሸንፍ ፀጋዬ 29 ዓመቱ ነበር፤ ይኸውም ኃይሌ ለንደን ላይ ማራቶን ከሮጠበት ዕድሜ ጋር የሚቀራረብ ነው።

ከሁለት ሰዎች ታሪክ ሕግ ማውጣት እንደማይቻል እናውቃለን። ቢሆንም ሌሎች ምስክሮች ወደዚያው ያመለክታሉ። ትዕግሥት አሰፋ በመጀመሪያ የ800 ሜትር ሯጭ ነበረች፤ በሪዮ ኦሎምፒክም የተሰለፈችው በዚሁ ርቀት ነው። በኋላ በጉዳት ምክንያት ከመሙ ርቃ ወደ ጎዳና ተሻገረች፤ በመስከረም 2016 ዓ.ም. በርሊን ላይ 2 ሰዓት ከ11 ደቂቃ ከ53 ሴኮንድ በመሮጥ የጊዜውን የዓለም ሪኮርድ ሰበረች። በወጣትነት በአጭር ርቀት የተሰበሰበ ፍጥነት በኋላ በረጅሙ ይመነዘራል። በ19 ዓመቱ በየዓመቱ ሁለትና ሦስት ማራቶን የሚሮጥ ልጅ ግን ይህንን ፍጥነት የሚሰበስብበት ወራት የለውም፤ ግማሹ ዓመት ለመዘጋጀት፥ የቀረው ለማገገም ያልቃል።

እንግዲህ ወጣቱ እንዲቆይ መምከር ቀላል ነው። እስኪቆይ ድረስ የሚያበላው ማነው? አበበ ቢቂላ በ28 ዓመቱ ሮማ ላይ ሲያሸንፍ የክቡር ዘበኛ ወታደር ነበር፤ ቢያሸንፍም ባያሸንፍም የወር ደመወዙ አይቀርበትም ነበር። ጥሩነሽ ከበቆጂ ወደ አዲስ አበባ መጥታ ያደገችው በማረሚያ ቤቶች ክለብ ነው። የመከላከያ፥ የፖሊስ፥ የባንክና የኤሌክትሪክ ክለቦች ለስፖርታችን የዋሉለት ትልቁ ውለታ፥ በእኛ አስተያየት፥ ከዋንጫው ይልቅ ይህ የወር ደመወዝ ነው።

በሩቅ አገር ያለ አንድ ልምድ እናንሣ። አውስትራልያውያን የራሳቸው የሆነ፥ በሞላላ ሜዳ ላይ በእጅም በእግርም የሚጫወቱት እግር ኳስ አላቸው። ከ1986 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ጀምሮ ክለቦቻቸው በዓመት አንድ ጊዜ ተሰብስበው ወጣቶችን ተራ በተራ ይመርጣሉ። ለመመረጥ በዚያው ዓመት 18 መሙላት ያስፈልጋል፤ በዋናው ምልመላ የተመረጠ ወጣት አንድም ጨዋታ ባይሰለፍ ቢያንስ የሁለት ዓመት ውል ይኖረዋል። ሁለት ዓመት ሙሉ ክለቡ ያበላዋል፥ ያሠለጥነዋል፥ ሐኪም ያየዋል። የእንጦጦው እኩያው ግን ክለብ ካልያዘው ከአንድ የጎዳና ውድድር በቀር የሚያየው ተስፋ የለም።

ማናጀሮቹን ሁሉ በአንድ ዓይን ማየት አይገባም። ራሱ ሯጭ የነበረው ሆላንዳዊው ዮስ ሔርመንስ የኃይሌ ማናጀር ሆኖ ለዓመታት ሲሠራ ኃይሌ በመም ላይ ቆይቶአል። ሆኖም የማናጀሩ ድርሻ በተለመደው ውል ከሽልማቱ 15 ከመቶ ነው፤ ከዛሬው ማራቶን 15 ከመቶ ዛሬውኑ ይገኛል፥ ከስምንት ዓመት በኋላ ከሚመጣው ሜዳልያ ግን ምናልባት ሌላ ሰው ይካፈላል። ውሉም የሚጻፈው አብዛኛውን ጊዜ በእንግሊዝኛ ነው። ከስምንተኛ ክፍል ያቋረጠ ልጅ በዓመት ስንት ማራቶን ሊሮጥ እንደ ተስማማ፥ ቢጎዳ ማን እንደሚያሳክመው ሳያውቅ ይፈርማል። ከአንባቢዎቻችን መካከል በየመሥሪያ ቤቱና በየኮሌጁ ያላችሁ፥ ወንድሙ ወይም የአገሩ ልጅ እንጦጦ ላይ የሚሮጥ አይጠፋችሁም፤ እንዲህ ያለውን ወረቀት ከፊርማው በፊት ለማንበብ ግማሽ ሰዓት ይበቃል።