ሴራ የሚረጋገጠው በስምምነት እንጂ በጥርጣሬ አይደለም!

በወንጀል ችሎት እንደ «ሴራ» ለከሳሽ የሚመች ቃል የለም። የግድያ ክስ የሞተ ሰው ይፈልጋል። የስርቆት ክስ የጠፋ ንብረት ይፈልጋል። ለሴራ ግን የሚተዋወቁ ሰዎችና የስልክ ጥሪ ዝርዝር ይበቃል የሚል ልማድ ሥር ሰዷል። ልማድ ደግሞ ሕግ አይደለም።

ሕጉ ምን ይላል? የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 38 መነሻው ስምምነት ነው፤ ሁለት ወይም ከዚያ በላይ ሰዎች ወንጀል ለመፈጸም ሲስማሙ። መተዋወቅ ስምምነት አይደለም። አብሮ ቡና መጠጣት፣ መንግሥትን አብሮ ማማትም ስምምነት አይደለም። ማን ከማን ጋር፣ የትኛውን ወንጀል ለመፈጸም እንደተስማማ ማስረዳት የዐቃቤ ሕግ ሸክም ነው። የአሜሪካ ፌዴራል ሕግ ጠቅላላ የሴራ ድንጋጌ ደግሞ ከስምምነቱ በላይ ይጠይቃል፤ ከተስማሚዎቹ ቢያንስ አንዱ ዓላማውን ለማሳካት ያደረገው ተጨባጭ ድርጊት መኖር አለበት።

ይህ ሸክም ሲቀልል ምን እንደሚመጣ አገሪቱ አይታዋለች። የፀረ ሽብር አዋጅ ቁጥር 652/2001 አንቀጽ 4 ያቀደውን፣ ያሴረውንና የሞከረውን የሽብር ድርጊቱን ከፈጸመው ጋር እኩል ይቀጣ ነበር። ቅጣቱ ከ15 ዓመት ጽኑ እስራት ጀምሮ እስከ ሞት ይደርሳል። አንቀጽ 23 ደግሞ ምንጩ ያልተገለጸ የደኅንነት ሪፖርትንና የስሚ ስሚ ወሬን ማስረጃ አደረገ። ቅጣቱ ከፍ፣ ማስረጃው ዝቅ አለ!

ውጤቱ በዞን 9 መዝገብ ታየ። ሚያዝያ 2006 ዓ.ም. ስድስት ጦማሪያንና ሦስት ጋዜጠኞች ታሰሩ። ከክሱ ጭብጦች አንዱ «ሴኩሪቲ ኢን ኤ ቦክስ» የተባለውን፣ ማንም ከኢንተርኔት የሚያወርደውን የመረጃ ደኅንነት ማሠልጠኛ መጠቀማቸው ነበር። በ2007 መጨረሻ ዐቃቤ ሕግ በአምስቱ ላይ ክሱን አነሳ። ጥቅምት 2008 ላይ ፍርድ ቤቱ ቀሪዎቹን አራቱን ከሽብር ክሱ ነፃ አላቸው፤ አንዱ ብቻ በቀለለ አንቀጽ እንዲከላከል ተባለ። የባከነውን የእስር ጊዜ ግን ብይን አይመልሰውም።

«ሴረኛ ውል አይጽፍም፤ ታዲያ በምን ይያዝ?» የሚሉ አሉ። ጥያቄው ተገቢ ነው። ስምምነት በአካባቢ ማስረጃ ሊረጋገጥ ይችላል፤ የገንዘብ ዝውውር፣ የተከፋፈለ ሥራ፣ የተገዛ መሣሪያ። ይህ ሁሉ ግን ተያይዞ ከስምምነት ሌላ ትርጉም የማይሰጥ መሆን አለበት። ድር ቢያብር አንበሳ የሚያስረው ድር ሲሆን ነው፤ ጥርጣሬ በጥርጣሬ ላይ ቢከመር ጥርጣሬ ነው።

የፍትሐ ብሔሩን ተመልከቱ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2155 ለአንድ ጉዳት ኃላፊ የሆኑ ሰዎች ካሣውን በአንድነት ይከፍላሉ። ከሳሹ ግን አስቀድሞ ጉዳቱን ማሳየት አለበት። ገንዘብ ለማስከፈል ጉዳት የሚጠይቅ ሥርዓት፣ የሰው ነፃነት ለመንጠቅ ስምምነቱን እንኳ ካልጠየቀ ሚዛኑ ተሰብሯል።

ያ አዋጅ በ2012 በአዋጅ ቁጥር 1176 ተተክቷል። አስተሳሰቡ ግን በአዋጅ አይሻርም። ዛሬም የማይወደው ሰው «በሴራ ተጠርጥሮ ተያዘ» ሲባል «እሰይ!» የሚል ብዙ ነው። እሰይ ባዩ አንድ ነገር ይጠይቅ፦ ስምምነቱ የት አለ? ዛሬ ለጠላው ሰው ያልጠየቀውን፣ ነገ ለራሱ የሚጠይቅለት አያገኝም።