ሳይከላከሉ መሰናበት ምሕረት አይደለም

«ፍርድ ቤቶች ወንጀለኛን ሳያከራክሩ ይለቃሉ» የሚለው የሰሞኑ ጽሑፍ ሕጉን ገልጦ ያየ አይመስልም። የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 141 ተከሳሽን ሳይከላከል በነፃ የሚያሰናብተው የዐቃቤ ሕግ ማስረጃ ተሰምቶ ካበቃ በኋላ ነው፤ ያውም ማስረጃው ባይስተባበል እንኳ ጥፋተኛ የማያሰኝ ሲሆን። ታዲያ እንዲህ ያለ ማስረጃ የቀረበበት የስማዳ ገበሬ ምኑን ይከላከል?

በሚያዝያ 2006 ከታሰሩት የዞን ዘጠኝ ጦማሪያን ሦስቱ ሳይከላከሉ ነፃ የተባሉት በጥቅምት 2008 ነው፤ በዚያው ብይን አንድ ባልደረባቸው ተከላከል ተብሏል። ዓመት ከመንፈቅ ታስሮ መውጣት «በቀላሉ ተለቀቀ» ይባላል?

ማስረጃው የጎደለው የጋይንት ወይም የእስቴ ምስክር ደም መላሽ ፈርቶ በመቅረቱ ከሆነ፣ ጸሐፊው ቁጣቸውን የምስክሮችና ጠቋሚዎች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 699/2003ን ሥራ ላይ ወዳላዋሉት ያዙሩ። ሳይከላከሉ ነፃ በሚያሰኝ ብይን ላይ ደግሞ ዐቃቤ ሕግ ይግባኝ ማለት ይችላል።